አንድ ሉህ ለአራት ደረሳ



ባለፈው ዓመት አራት ሆነን ገንዘብ አዋጣን። ሁለታችን ቤተሰብ ለወር ከላከልን ላይ ቀነስን። አንዳችን ክረምቱን በአጎቱ ሱቅ ሲሠራ ያጠራቀመውን አወጣ፤ አራተኛችን ለጫማ ያስቀመጠውን ሰጠ። ገንዘቡን አዲስ አበባ ላለ ዘመድ ልከን አንድ ትልቅ የፕላስቲክ ሳጥን አስመጣን። «ስታርተር ኪት» ይሉታል። ውስጡ አንድ የአርዱይኖ ቦርድ፣ ከሠላሳ በላይ ሴንሰር፣ ሁለት ሞተር፣ ትንሽ ስክሪን፣ ሪሞትና የሽቦ ክምር ነበር። ሳጥኑን የከፈትን ዕለት ዶርማችን ሠርግ ቤት መሰለ።

ሴሚስተሩ ሲያልቅ ቁጭ ብለን ቆጠርን። የተጠቀምነው በቦርዱ፣ በብሬድቦርዱ፣ በጥቂት ሽቦዎች፣ በሦስት ኤልኢዲ መብራቶችና በአንድ የርቀት ሴንሰር ብቻ ነው። የቀረው ከአልጋ ሥር ተኝቷል። ቦርዱም ቢሆን ዕድሜው አጭር ነበር። አንድ ማታ መብራት ጠፍቶ ሲመጣ እየተቻኮልን የ12 ቮልት አዳፕተር ሽቦ «5 ቮልት» ከሚለው ቀዳዳ ሰካን፤ ሽታው ብቻ ቀረልን። ጥፋቱ የማንም ሳይሆን የራሳችን ነው። «ቪን» በሚለው ቀዳዳ የገባ ኤሌክትሪክ ቮልቴጁን ዝቅ በሚያደርግ ክፍል እንደሚያልፍ፣ «5 ቮልት» በሚለው የገባው ግን በቀጥታ ቺፑ ላይ እንደሚያርፍ የተማርነው ከተቃጠለ በኋላ ነው።

ይህን የምንጽፈው ለማማረር አይደለም። ዘንድሮም ያንኑ ሳጥን ለማስመጣት ገንዘብ የሚያዋጡ ወንድሞችና እህቶች እንዳሉ ስለምናውቅ ነው። ሐሳባችንን በአጭሩ እናስቀድም። መጀመሪያ በነፃ ሲሙሌተር እንጀምር። ቀጥሎ ለአራት ሰው አንድ ርካሽ ቦርድ ይበቃል። ከዚያ በላይ የሚያስፈልገውን እያንዳንዳችን ከምንገዛ ደግሞ ጀመዓችን በወቅፍ መልክ ይያዝልን።

ሉሁ ታጥቦ ይጻፍበታል

ከእኛ ብዙዎቻችን በመንግሥት ትምህርት ቤትም በመድረሳም ያደግን ነን። ሉህ የያዘ ሁሉ ያስታውሳል። ኡስታዙ የዕለቱን ይጽፉለታል፤ ደረሳው በቃሉ እስኪይዘው ይደጋግመዋል፤ ሲይዘው ሉሁ ይታጠባል፤ ነገ ሌላ ይጻፍበታል። ለእያንዳንዱ ሱራ አዲስ ሉህ የሚገዛ አባት አላየንም። ሉህ ያነሰ ጊዜም ሁለት ልጆች በአንድ ሉህ ይቀመጡ ነበር። አንዱ ሲያነብ ሌላው ያዳምጣል፣ ሲሳሳትም ያርመዋል።

ማይክሮኮንትሮለርም እንዲሁ ነው። አንድ ትንሽ ቺፕ ውስጥ ፕሮሰሰሩ፣ ሜሞሪውና ከውጭው ዓለም ጋር የሚያገናኙት እግሮች ተጠቃለው ተቀምጠዋል። የአርዱይኖ ኡኖ ልብ የሆነው አትሜጋ328ፒ የተባለው ቺፕ 32 ኪሎባይት የፕሮግራም ቦታ አለው። አምራቹ ይህ ቦታ 10,000 ጊዜ ቢጻፍበትና ቢጠፋ እንደሚችል ይገልጻል። በቀን አሥር ጊዜ ብንጽፍበት እንኳ ያለ ዕረፍት 1,000 ቀን ያገለግለናል ማለት ነው። አንድ ቦርድ ከአንድ ሴሚስተር ፕሮጀክት ጋር አብሮ የሚሞትበት ምክንያት የለም። የሚሞተው እንደ እኛ ዓይነቱ ቸኩሎ ሲያቃጥለው፣ ወይም ከአልጋ ሥር ተረስቶ ሲቀር ነው።

ለምን አሁን?

በየቤታችን ካርድ የምንሞላበት የኤሌክትሪክ ቆጣሪ ውስጥ እንዲህ ያለ ቺፕ አለ። ከድሬ ወደ ጅቡቲ የሚወርደው የኤሌክትሪክ ባቡር፣ በከተማችን ዙሪያ ያሉት የሲሚንቶ ፋብሪካዎች፣ የኢንዱስትሪ ፓርኩ ማሽኖች ሁሉ የሚታዘዙት በቺፕ ላይ በተጻፈ ፕሮግራም ነው። ድሬዳዋ ራሷ እ.ኤ.አ. በ1902 ሐዲዱ ሲደርስ የተቆረቆረች ከተማ ናት። የምድር ባቡሩ ወርክሾፕ ለብዙ ዓመታት የከተማችንን መካኒኮች ያወጣው ከትልቅ ሰው ጎን አቁሞ፣ ብረት እያስነካ ነበር። የእጅ ሙያ ለድሬ ልጅ እንግዳ አይደለም። የተለወጠው መሣሪያው ነው።

በ2016 ዓ.ም. የተጀመረውን የ5 ሚሊዮን ኮደሮች ሥልጠና ብዙዎቻችሁ ተመዝግባችሁበታል፤ ጥሩ ነው፤ ጨርሱት። ግን እዚያ የሚገኘው ኮድ ስክሪን ላይ ተጀምሮ ስክሪን ላይ የሚያልቅ ነው። ፓምፕ የሚያስነሳ፣ ሙቀት የሚለካ፣ በር የሚከፍት ኮድ መጻፍ የሚፈልግ ሰው ቦርድ መንካቱ አይቀርለትም።

ቦርዱ ደግሞ በዶላር ነው የሚገባው። ብሔራዊ ባንክ ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የምንዛሪ ተመኑን ለገበያ ከለቀቀ ወዲህ፣ 57 ብር ገደማ የነበረው አንድ ዶላር በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አልፏል። ከቤት የሚላክልን ገንዘብ ግን በዚያው ልክ አላደገም። እናታችን ቀፊራ ጉሊት ተቀምጣ ያገኘችውን፣ አባታችን ባጃጅ ነድቶ ያመጣውን ብር ከሠላሳ ሴንሰር ሃያ አምስቱ ለማይነካ ሳጥን ማውጣት ብክነት ነው። ብክነት ስንል ደግሞ ሁላችንም ትርጉሙን እናውቃለን።

የትኛው ቦርድ?

ለጀማሪ የምንመክረው የአርዱይኖ ኡኖ ወይም የናኖ «ክሎን» ነው። አርዱይኖ እ.ኤ.አ. በ2005 ጣሊያን ኢቭሪያ ከተማ በሚገኝ የዲዛይን ትምህርት ተቋም ውስጥ ነው የተጀመረው። ዓላማውም ኢንጂነር ያልሆኑ ተማሪዎች በትንሽ ገንዘብ እንዲማሩበት ነበር። ንድፉን የሠሩት ሰዎች ማንም አይቶ እንዲሠራው ክፍት አድርገውታል፤ ለራሳቸው ያስቀሩት ስሙንና ምልክቱን ነው። ስለዚህ በራሱ ስም የሚሸጥ ክሎን መግዛት የማንንም ሐቅ መንካት አይደለም። የሌላ ሰው ሥራ ላይ የአርዱይኖን ማኅተም አትሞ «ኦሪጅናል ነው» ብሎ መሸጥ ግን ማታለል ነው። ኦሪጅናሉ ኡኖ በውጭ አገር ከ25 ዶላር በላይ ይሸጣል፤ ክሎኑ የዚህን ጥቂት እጅ ብቻ ያወጣል፤ ለመማር ደግሞ ልዩነት የላቸውም።

ከሁለቱ ናኖውን እንመርጣለን። ብሬድቦርድ ላይ በቀጥታ ይሰካል፣ ኪስ ውስጥ ይገባል፣ ቺፑም ያው ነው። ስትገዙ ሁለት ነገር አትርሱ። አንደኛ፣ አብዛኛው ክሎን ከኮምፒውተር ጋር የሚነጋገረው ሲኤች340 በተባለ ቺፕ ስለሆነ አንዳንድ ላፕቶፕ ላይ ድራይቨሩ መጫን አለበት። «ቦርዱ አይሠራም» ተብሎ ከተጣለው ውስጥ ስንቱ ድራይቨር ብቻ እንደጎደለው አላህ ይወቀው። ሁለተኛ፣ ፕሮግራሙ አልጫን ካለ በአርዱይኖ ሶፍትዌር የፕሮሰሰር ምርጫ ውስጥ «ኦልድ ቡትሎደር» የሚለውን ሞክሩ። እኛ ይህን ሳናውቅ ሁለት ቀን ጠፍቶብናል።

ኢኤስፒ32 ቀጥሎ ይምጣ። ሻንጋይ የሚገኘው ኤስፕሬሲፍ እ.ኤ.አ. በ2016 ያወጣው ይህ ቺፕ ፍጥነቱ እስከ 240 ሜጋኸርዝ ይደርሳል፤ ዋይፋይና ብሉቱዝም አብረውት ይመጣሉ። ራሙ 520 ኪሎባይት ሲሆን የኡኖው 2 ኪሎባይት ብቻ ነው። «ታዲያ ለምን ከእሱ አንጀምርም?» የሚሉ ጓደኞች አሉን፤ ክርክራቸውም ባዶ አይደለም። እኛ የምንፈራው የሚሠራው በ3.3 ቮልት መሆኑን ነው። ገበያ ላይ የሚገኘው ብዙው ርካሽ ሴንሰር 5 ቮልት ይመልሳል፤ እግሩ ደግሞ ያንን አይችልም። ኡኖና ናኖ የጀማሪን ስሕተት ይበልጥ ይሸከማሉ። መጀመሪያ በሚሸከመው ተሳሳቱ።

ራስበሪ ፓይ ፒኮ ከተገኘ ጥሩ ነው። እ.ኤ.አ. በጥር 2021 ሲወጣ ዋጋው 4 ዶላር ተባለ፤ 264 ኪሎባይት ራም አለው፤ ኮምፒውተር ላይ ሲሰካ እንደ ፍላሽ ስለሚታይ ፕሮግራሙን ጎትቶ መጣል ይበቃል። በፓይተን መጻፍ ለሚፈልግም ይመቻል። «ብሉ ፒል» የሚባለው የኤስቲኤም32 ቦርድ ደግሞ በፋብሪካ ከሚሠራበት ዓይነት ጋር ይቀራረባል፤ ነገር ግን ለብቻ የሚገዛ ፕሮግራመር ይፈልጋል፤ ላዩ ላይ የተጻፈው ስም ያልሆነ ቺፕ የያዘም ብዙ አለ። ለሦስተኛና ለአራተኛ ዓመት ይቆይ።

በክፍል ውስጥ ፒአይሲ16ኤፍ877ኤ የምትማሩ ደግሞ «ያረጀ ነው» ብላችሁ አትናቁት። 368 ባይት ራም ብቻ ያለው ቺፕ ላይ የሠራ ሰው ቁጠባ ይማራል። በአርዱይኖ የጀመራችሁም ቢሆን ከአንድ ወር በኋላ «ዲጂታልራይት» የሚለውን ትታችሁ ዳታሺቱን ክፈቱ፤ «ዲዲአርቢ» እና «ፖርትቢ» የተባሉትን ሬጅስተሮች በራሳችሁ ጻፉባቸው። ያኔ ቦርዱ አሻንጉሊት መሆኑ ያበቃል።

ላፕቶፕ የሌላችሁ እህቶችና ወንድሞች ከዚህ ትምህርት ውጭ ነን አትበሉ። አንድሮይድ ስልክ ላይ «አርዱይኖድሮይድ» የተባለ መተግበሪያ አለ፤ ስልኩ ኦቲጂ የሚቀበል ከሆነ በትንሽ ማገናኛ ገመድ ኮዱን ከስልክ ወደ ቦርድ መጫን ይቻላል። የተቀረውን ዕቃ ታይዋን ገበያ ካሉት ሞባይል ጠጋኞች ጠይቁ። የድሮ ቻርጀር የ5 ቮልት ምንጭ ይሆናል፤ ከተሰበረ ዲቪዲ ማጫወቻ ሞተር ይወጣል፤ ከአሮጌ ሬዲዮ ስፒከር ይገኛል። ጠጋኞቹ ከዕቃው በላይ እውቀት አላቸው፤ ሻሂ ጋብዛችሁ አጠገባቸው ተቀመጡ።

በነፃው እንጀምር

ቦርድ ከመግዛታችን በፊት አንድ ወር ሙሉ በሲሙሌተር መሥራት ይቻላል። ቲንከርካድ በብሮውዘር የሚሠራ ነፃ ነው፤ አርዱይኖ ኡኖ አለው፤ ያለ ሬዚስተር የተሰካ ኤልኢዲ ሲበላሽም ያሳያል። ዎክዊ ከዚያ አልፎ ኢኤስፒ32ንና ፒኮን ያስመስላል። ሁለቱም ግን ኢንተርኔት ይፈልጋሉ። የግቢያችን ዋይፋይ ማታ ማታ እንዴት እንደሚሆን ለእናንተ መንገር አያስፈልግም።

ስለዚህ የእኛ የመጀመሪያ ምርጫ ሲሙልአይዲኢ ነው። አንድ ጊዜ ወርዶ ያለ ኢንተርኔት ይሠራል፤ ለአሮጌ ላፕቶፕ ይቀላል፤ አርዱይኖውንም ፒአይሲውንም ይዟል። የቺፑን ሬጅስተር አንድ በአንድ ማየት ለሚፈልግ ደግሞ የማይክሮቺፕ ኩባንያ በነፃ የሚሰጠው ኤምፕላብ ኤክስ ውስጥ ሲሙሌተር አለ። ሲሙልአይዲኢ ክፍት ሶፍትዌር በመሆኑ ከፍላሽ ወደ ፍላሽ ብትገለብጡት ባለቤቶቹ ራሳቸው የፈቀዱት ነው።

ይህን ያነሣነው በምክንያት ነው። በግቢያችን ሲሙሌተር ሲባል ሁሉም የሚያስበው ፕሮቲየስን ነው። ፕሮቲየስ የእንግሊዙ ላብሴንተር ኩባንያ የሠራው ጥሩ ፕሮግራም ነው፤ በጎነቱን አንክድም። ግን ከእጅ ወደ እጅ የሚዞረው ቅጂ ክራክ ነው። «መጀመሪያ አንቲቫይረሱን አጥፉ» የሚል መመሪያ አብሮት ይመጣል። ቤቴ ግቡ፣ ግን አስቀድማችሁ ዘበኛውን አሰናብቱ እንደማለት ነው። የስንቱ ወንድም ጥናታዊ ጽሑፍ በቫይረስ ጠፍቷል።

ከዚህ የሚከብደው ሁለተኛው ነገር ነው። ዓለም አቀፉ የኢስላማዊ ፊቅህ አካዳሚ እ.ኤ.አ. በ1988 ኩዌት ላይ ባካሄደው አምስተኛ ጉባኤው የድርሰትና የፈጠራ መብቶች በሸሪዓ የተጠበቁ መሆናቸውን፣ መንካትም እንደማይፈቀድ ወስኗል። እኛ ፈትዋ የምንሰጥ ሰዎች አይደለንም፤ ዝርዝሩን ኡስታዞቻችንን ጠይቁ። የምንለው ይህን ብቻ ነው። ነፃና ንጹሕ የሆነ መንገድ እያለ አጠራጣሪውን የምንመርጥበት ምክንያት አይታየንም። መምህራችሁ ፕሮቲየስ ካዘዙ በአክብሮት አናግሯቸው። አንድ መምህራችንን «በሲሙልአይዲኢ ሠርተን ብናቀርብስ?» ብለን ስንጠይቃቸው ያሉን «ሥራው ይሥራ እንጂ በምንም ይሁን» ነበር። ለካስ ጠይቀን አናውቅም ነበር።

ደቻቱ በሲሙሌተር አይሞላም

ሲሙሌተር መጀመሪያ ነው፤ መጨረሻ ግን አይደለም። ይህን በምሳሌ እንናገር።

ሐምሌ 30 ቀን 1998 ዓ.ም. ለሊት ደቻቱ ሞልቶ ከ200 በላይ ሰው ወስዷል። ያኔ አንዳንዶቻችን ጡት አልጣልንም ነበር፤ ነገር ግን በየቤቱ ሲወራ ሰምተን አድገናል። ዓመቱን አብዛኛውን ጊዜ ደረቅ አሸዋ ሆኖ የሚታይ ወንዝ፣ ደጋው ላይ በጣለ ዝናብ በሌሊት ምን እንደሚሆን የድሬ ሰው ያውቃል። ስለዚህ «የጎርፍ ማስጠንቀቂያ» የሚለው የፕሮጀክት ርዕስ ተደጋግሞ መመረጡ አይገርምም። ጥሩ ርዕስ ነው። የድምፅ ሞገድ የሚልክ ሴንሰር ከድልድይ ላይ ይሰቀላል፤ ሞገዱ ውኃው ላይ አርፎ ሲመለስ የወሰደው ጊዜ ይለካል፤ ርቀቱ ሲያጥር ቦርዱ ያስጠነቅቃል።

በሲሙሌተር ላይ ይህ በአንድ ከሰዓት ያልቃል። ርቀቱን በማውስ ትጎትታላችሁ፤ ደወሉ ይጮኻል፤ ስክሪኑ ፎቶ ተነሥቶ ሪፖርት ውስጥ ይገባል። እውነተኛው ድልድይ ላይ ግን አየሩ አለ። ብዙው የተገለበጠ ኮድ የድምፅን ፍጥነት በሰከንድ 343 ሜትር ብሎ ይወስዳል፤ ይህ ግን በ20 ዲግሪ ሴልሲየስ ያለው ነው። በድሬ ቀን 35 ዲግሪ ሲሆን ፍጥነቱ ወደ 352 ይጠጋል። ሞገዱ ቶሎ ስለሚመለስ 3 ሜትር የራቀው ውኃ 8 ሴንቲሜትር ገደማ የቀረበ ሆኖ ይነበባል። ኮዱ ቀን ቀን ወንዙን ከፍ አድርጎ ያያል፤ ሌሊት ሲቀዘቅዝ ያወርደዋል። መድኃኒቱ ቀላል ነው፤ አንድ ርካሽ የሙቀት ሴንሰር ጨምሮ ማስላት። ግን ችግሩ እንዳለ የሚነግራችሁ ሙቀቱ ውስጥ የቆመ ቦርድ ነው።

ሌላም አለ። ኤችሲ ኤስአር04 የተባለው የተለመደው ሴንሰር ውኃ አይችልም፤ ዝናብ ላይ የሚሰቀለው ሌላ ዓይነት ነው። የሚመልሰው ምልክትም 5 ቮልት ስለሆነ ኢኤስፒ32 ላይ ከመሰካቱ በፊት በሁለት ሬዚስተሮች፣ ለምሳሌ በ1 ኪሎኦምና በ2 ኪሎኦም፣ ወደ 3.3 መውረድ አለበት። የስልክ መልእክት የሚልከው ሲም800ኤል ደግሞ በሚልክበት ቅጽበት እስከ 2 አምፔር ይጎትታል። ደካማ ምንጭ ላይ ከተሰካ ቦርዱ ልክ ማስጠንቀቂያው በሚያስፈልግበት ሰዓት ጠፍቶ ይነሣል። የላላ ሽቦ፣ የሚንቀጠቀጥ ቁልፍ፣ የሚዋዥቅ መብራት፤ ሲሙሌተር ውስጥ ሽቦ ሁሉ የጠበቀ፣ ባትሪ ሁሉ የሞላ ነው።

የስክሪን ፎቶ አንሥቶ «ሠርተን አረጋግጠናል» ብሎ የሚጽፍ ሰው ማርኩን ሊያገኝ ይችላል። ግን የሰው ነፍስ የሚነካ ነገር ላይ ያልለኩትን ለካሁ ማለት አማናን መብላት ነው። ሪፖርታችን ላይ «ይህ በሲሙሌተር ብቻ የታየ ነው» ብለን እንጻፍ፤ አያሳፍርም። የሚያሳፍረው ድልድዩ ላይ ሳይወጡ የወጡ መምሰል ነው።

የቦርድ ወቅፍ

እዚህ ላይ ነው ጀመዓችን የሚመጣው። በየዓመቱ ጂሲዎች ይመረቃሉ። የፋይናል ፕሮጀክታቸው ቦርዶች በካርቶን ተጠቅልለው ሎከር ውስጥ ይቀራሉ፤ አንዳንዱ ከቆሻሻ ጋር ይወጣል። በመስከረም ደግሞ አዲስ ተማሪ ያንኑ ዕቃ ለማስመጣት ከቤተሰቡ ብር ይለምናል። ወቅፍ ምን እንደሆነ ሁላችንም ተምረናል፤ ዋናው ንብረት ይቆያል፣ ጥቅሙ ለሰው ይሰጣል። ለጉድጓድና ለመስጊድ ከሆነ ለናኖ ቦርድ ለምን አይሆንም?

ሐሳባችን ይህ ነው። አሥር ናኖ፣ አምስት ኢኤስፒ32፣ ብሬድቦርዶች፣ ሁለት መልቲሜትርና የጋራ ሴንሰሮች ያሉበት ሳጥን ይኑረን። አንድ ግሩፕ አራት ሰው ሆኖ ለሁለት ሳምንት ይዋሳል። ከመዋሱ በፊት ኮዱን በሲሙሌተር ሠርቶ ያሳያል። ቦርድ ያቃጠለ መጀመሪያ ላይ አይቀጣም፤ እንዴት እንደተቃጠለ ግማሽ ገጽ ጽፎ ደብተሩ ውስጥ ያኖራል። የእኛ የ12 ቮልት ታሪክ የመጀመሪያው ገጽ ይሁን። ለሁለተኛ ጊዜ ያቃጠለ ይተካል። እህቶች ማታ ላብ ለመቆየት እንደሚቸገሩ ስለምናውቅ ከሳጥኑ እኩሌታው በእህቶች አሚር እጅ ይሁን። ግሩፕ ውስጥ ሙስሊም ያልሆነ የክፍል ጓደኛ ካለም አብሮ ይጠቀምበት፤ ድሬ ያሳደገችን እንዲህ ነው። ገንዘቡ ከበጎ ፈቃድ መዋጮ ይሁን፤ ዘካ የራሱ ባለመብቶች ስላሉት ከዚህ ጋር አናቀላቅለው።

ሐሳቡን ለጓደኞቻችን ስናካፍል ሦስት ተቃውሞ ሰምተናል። የመጀመሪያው «የጀመዓ ሥራ ይህ አይደለም» የሚል ነው። በየጽሑፋችን እ.ኤ.አ. በ1206 የረቀቁ መሣሪያዎችን መጽሐፍ የጨረሰውን አል-ጀዘሪን እያነሣን እንኮራለን። እሱ ግን እንጨትና መዳብ በእጁ የሚሠራ፣ ሌላው እንዲሠራውም በሥዕል የሚያስረዳ ባለሙያ ነበር። በስሙ መኩራት ያለ ዋጋ ነው፤ ሳጥን ማደራጀት ግን ጥቂት ልፋት ይጠይቃል።

ሁለተኛው «ጂሲው ቦርዱን ሸጦ የትራንስፖርት ብር ማግኘት ይፈልጋል» የሚል ነው። ይህ እውነት ነው፤ ማንንም ማስገደድ አይገባም። መስጠት የሚችል ይስጥ፤ የማይችለውን ጀመዓው በግማሽ ዋጋ ይግዛው።

ሦስተኛው ከባዱ ነው። «አራት ሰው በአንድ ቦርድ ከሆነ አንዱ ይሠራል፣ ሦስቱ ያያሉ።» በእኛም ግሩፕ የሆነው ይኸው ነው፤ አንዳችን ኮዱን ጻፈ፣ ሌሎቻችን ሽቦ አቀበልን። መልሱ ግን አራት ቦርድ መግዛት አይደለም። መልሱ የሉሁ ሥርዓት ነው። አራቱም የየራሳቸውን ኮድ በሲሙሌተር ይጽፋሉ፤ ከዚያ በተራ በተራ ቦርዱ ላይ ይጭናሉ፤ አንዱ ሲጭን ሌሎቹ ያዳምጣሉ፣ ያርማሉ። ቦርዱ ታጥቦ ለሚቀጥለው ይሰጣል። በመድረሳ ተራ ያልደረሰው ልጅ አልነበረም፤ ኡስታዙ አይፈቅዱም ነበር። እኛም አንፍቀድ።

ስለዚህ ወንድሞችና እህቶች፣ ዛሬ ማታ ከአልጋችሁ ሥር እዩ። እዚያ የተኛ ሳጥን ካለ ለጀመዓው የትምህርት ክፍል አምጡት። የእኛን ሳጥን ከነሠላሳ ሴንሰሩ ባለፈው ሳምንት አስረክበናል፤ ጎዶሎው የተቃጠለው ቦርድ ብቻ ነው፤ እሱንም በአንድ ናኖ ተክተነዋል። ቤታችን ሳለ ማንንም አልጠቀመም። አሁን አንድ የሁለተኛ ዓመት ግሩፕ ወስዶታል፤ በሦስተኛው ቀን «ይህቺ ስክሪን እንዴት ነው የምትሠራው?» ብለው መጥተው ጠየቁን። እኛም አናውቅም ነበር። አብረን ተቀምጠን አወቅናት።

አላህ ጠቃሚ ዒልም ይስጠን፣ ያወቅነውንም የምንሠራበት ያድርገን። ወሰላሙ ዓለይኩም ወረሕመቱላሂ ወበረካቱህ።